የራማና የሐኑማን ዜና፦ ከዘንባባ ቅጠል እስከ ልጆች ፊልም

በጎጃም ደጋ፣ በደብረ ማርቆስና በአካባቢዋ ባሉ ከተሞች፣ የህንድ ፊልም ሲነሣ ዘፈኑንና ጭፈራውን፣ የእናትና የልጅ መለያየቱን፣ በመጨረሻም የግፈኛውን መውደቅ የማያስታውስ ጐልማሳ ጥቂት ነው፤ በሕፃናቱም ዘንድ ቢሆን የዝንጀሮ ፊት ያለው ኃያል ጀግና ተራራ ተሸክሞ ሲበርር፣ ወይም የዝሆን ራስ ያለው ብላቴና ከአይጥ ጋር ሲጓዝ የሚያሳይ ካርቱን በስልክና በቴሌቪዥን መታየቱ እንግዳ ነገር መሆኑ ቀርቷል። ይሁን እንጂ ያ ጀግና ማን እንደ ሆነ፣ ያም ብላቴና ከየትኛው ድርሳን እንደ ወጣ፣ ከሁለት ሺህ ዓመት በላይ በቃልና በዘንባባ ቅጠል ሲወርድ ሲዋረድ የኖረ የአንድ ሕዝብ ዜና የሕፃናት የጀብዱ ፊልም ለመሆን እንዴት እንደ በቃ ከሥሩ እስከ ጫፉ የሚያውቀው ሰው ብዙ አይደለም። እኛ የሂንዱን ሃይማኖት አንከተልም፤ ነገር ግን የራሱ ገድልና ተረት፣ የራሱ ሥዕልና ቅኔ ላለው ሕዝብ የዚህ ታሪክ ትምህርት ታላቅ ስለ ሆነ፣ በየዘመኑ ተራ ልንተርከው ወደድን። የሌላው አገር ዘመን እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር፣ የአገራችን ዘመን ግን «ዓ.ም.» እየተባለ መጻፉን አንባቢ ልብ ይበል።

ከጥንት እስከ 1910፦ በቃልና በሥዕል

የህንድ ሊቃውንት ሁለት ታላላቅ የግጥም ድርሳናት አሏቸው። አንደኛው ቫልሚኪ በተባለው ባለቅኔ ስም የሚጠራውና 24,000 ያህል አንቀጽ ያለው ራማያና ሲሆን፣ የአዮድያው ልዑል ራማ በእንጀራ እናቱ ምክንያት ወደ ዱር ተሰድዶ ሳለ፣ ዐሥር ራስ ያለው የላንካ ንጉሥ ራቫና ሚስቱን ሲታን ነጥቆ እንደ ወሰዳት፣ ራማም በሐኑማንና በዝንጀሮዎች ሠራዊት ረዳትነት በባሕር ላይ ድልድይ ሠርቶ እንዳስመለሳት ይናገራል። ሁለተኛው 100,000 ያህል አንቀጽ አለው የሚባልለት ማሃባራታ ነው፤ እርሱም አምስቱ የፓንዳቫ ወንድማማቾች ከመቶው የአጎታቸው ልጆች ጋር ስለ ዙፋን ያደረጉትን ጦርነት የሚተርክ ነው።

ተራው ሕዝብ ግን እነዚህን ዜናዎች ያወቃቸው መጽሐፍ ገልጦ በማንበብ አልነበረም፤ አዝማሪው በዜማ ሲያወርደው ሰምቶ፣ ራም ሊላ በሚባለው ዓመታዊ ትዕይንት ጎረቤቱ ራማን ሆኖ ሲጫወት አይቶ፣ ከቆዳ የተቆረጡ አሻንጉሊቶች በመብራት ፊት ጥላቸውን በመጋረጃ ላይ ሲጥሉ ተመልክቶ ነው። በቤንጋል አገር ደግሞ ፓቱዋ የሚባሉት ሠዓሊዎች ከላይ እስከ ታች በተራ የተሣሉ ምስሎች ያሉበትን ጥቅል ሥዕል ቀስ በቀስ እየዘረጉ፣ እያንዳንዱን ምስል በጣታቸው እያሳዩ፣ ዜናውን በዜማ ይተርኩ ነበር። በዲማ ጊዮርጊስ ወይም በደብረ ኤልያስ የቃል ትምህርት የተማረ፣ በቤተ መቅደስ ግድግዳም ላይ የቅዱስ ጊዮርጊስን ተጋድሎ ከሥዕል ወደ ሥዕል እየተከተለ ያደገ የጎጃም ሰው ይህን ሥርዓት ለመረዳት ብዙ ሐተታ አያስፈልገውም።

የህንድ ዜና ወደ አገራችን መግባቱም የትናንት ነገር አይደለም። በዓፄ ገላውዴዎስ ዘመነ መንግሥት እጨጌ ዕንባቆም ከዐረብኛ ወደ ግእዝ የመለሱት መጽሐፈ በረላም ወይዋሰፍ፣ የአባቱን ቤተ መንግሥት ትቶ ምናኔን የመረጠ የአንድ ህንዳዊ ልዑል ታሪክ ነው፤ የኋላ ዘመን መርማሪዎችም የዚህ ዜና ሥሩ የቡድሃ ሕይወት መሆኑን አረጋግጠዋል። አንድ ዜና ከህንድ ተነሥቶ፣ በብዙ ቋንቋ አልፎ፣ በክርስቲያናዊ መንፈስ ታንጾ በኢትዮጵያ ገዳማት እስከ መነበብ መድረሱ፣ ያማረ ተረክ ድንበር የማያግደው መሆኑን የሚመሰክር ነው።

ከ1911 እስከ 1919፦ ፋልኬና የአተሯ ተክል

በ1911 ግድም በቦምቤይ ከተማ ዱንዲራጅ ጎቪንድ ፋልኬ የሚባል፣ ሥዕልን፣ ፎቶግራፍንና የኅትመት ጥበብን የተማረ አንድ ሰው፣ የጌታችንን የኢየሱስ ክርስቶስን ሕይወት የሚያሳይ ድምፅ አልባ ፊልም ሊመለከት ወደ ሲኒማ ቤት ገባ። ፊልሙ በዓይኑ ፊት ሲያልፍ በልቡናው የሚመላለሱት ራማና ክሪሽና እንደ ነበሩ፣ የህንድ ልጆችስ የራሳቸውን አገር ምስል በመጋረጃ ላይ የሚያዩበት ቀን ይመጣ ይሆን እያለ ማሰቡንም በኋላ ራሱ ጽፏል። ከዚያች ቀን ጀምሮ ዕረፍት አላገኘም፤ ወደ ለንደን ተሻግሮ ካሜራ ገዛ፣ ሥራውንም ተምሮ ተመለሰ።

ገንዘብ ያላቸው ሰዎች ግን ይህን አዲስ ጥበብ አላመኑትምና አስቀድሞ ማስረጃ ማሳየት ነበረበት። በማሰሮ አተር ዘርቶ፣ ካሜራውን ከፊቱ ተክሎ፣ በየቀኑ አንድ አንድ ምስል ብቻ እያነሣ ብዙ ቀን ታገሠ፤ ፊልሙ ታጥቦ ሲታይም ያቺ ዘር በጥቂት ቅጽበት ውስጥ አፈር ሰንጥቃ ወጣች፣ ቅጠል አበጀች፣ ወደ ላይም ተሳበች። የአኒሜሽን ጥበብ መሠረቱ ይኸው ነው፤ በራሱ የማይንቀሳቀሰውን ምስል አንድ በአንድ አንሥቶ በተከታታይ በማሳየት ሕይወት ያለው ማስመሰል። ከጥቂት ጊዜ በኋላም ይኸው ሰው የክብሪት እንጨቶችን በዚሁ ዘዴ እያንቀሳቀሰ አጭር ፊልም ሠርቷል።

በሚያዝያ 1913 ተጠናቅቆ በግንቦት 3 ቀን ለሕዝብ የታየው «ራጃ ሐሪሽቻንድራ» ስለ እውነት ብሎ መንግሥቱን፣ ሚስቱንና ልጁን ያጣ ንጉሥ ታሪክ ነው። በዚያ ዘመን በፊልም ለመታየት የምትደፍር ሴት ስላልተገኘች ንግሥቲቱን ሆኖ የተጫወተው ሳሉንኬ የሚባል የምግብ ቤት ሠራተኛ ነበር፤ ለሥራው መጀመሪያ የሚሆነውን ገንዘብ ለማግኘትም የፋልኬ ባለቤት ሳራስዋቲባይ ጌጣጌጧን እስከ መስጠት ደርሳለች። በ1917 የተሠራው «ላንካ ዳሃን» ሲታይ፣ ራማ በመጋረጃው ላይ ብቅ ባለ ጊዜ ተመልካቹ በአምልኮ ይሰግድ እንደ ነበር ይነገራል። በ1919 ደግሞ ፋልኬ የገዛ ልጁን ማንዳኪኒን ሕፃኑን ክሪሽናን አድርጎ፣ በወንዝ ውስጥ ከሚኖር መርዘኛ ዘንዶ ጋር ሲታገል በሚያሳየው «ካሊያ ማርዳን» ላይ አሰለፋት። አማልክቱን በሕፃን አምሳል፣ ጀብዱአቸውንም ለሕፃን ዓይን በሚስማማ መንገድ የማቅረብ ልማድ በፊልም የጀመረው ከዚህ ነው ቢባል ከእውነት አይርቅም።

ከ1956 እስከ 1988፦ ትምህርት ቤቱ፣ መጽሔቱና ቴሌቪዥኑ

ህንድ ነጻነቷን ካገኘች በኋላ መንግሥት የፊልም ክፍል አቋቁሞ ስለ ነበር፣ በ1956 ክሌር ዊክስ የሚባል አሜሪካዊ ሠዓሊ ወደ ቦምቤይ መጣ። ይህ ሰው በህንድ አገር ከሚሲዮናውያን ወላጆች የተወለደ፣ በዋልት ዲስኒ ስቱዲዮም «ባምቢ»ን በመሰሉ ፊልሞች ላይ የሠራ ባለሙያ ነበር። በእርሱ መምህርነት ከሠለጠኑት መካከል በኋላ የህንድ አኒሜሽን አባት የተባለው ራም ሞሃን ይገኛል፤ ከዚያ ትምህርት ቤት የወጣው «ዘ ባንያን ዲር» የተባለ ፊልምም መነሻው ጃታካ የሚባለው ጥንታዊ የቡድሃ ተረት ነበር። የመንግሥቱ የፊልም ክፍል ግን ብዙ ጊዜውን የሚያውለው ስለ ጤና፣ ስለ እርሻና ስለ ቤተሰብ ምክር በሚሰጡ አጫጭር ፊልሞች ላይ ስለ ነበር፣ ታላላቆቹ ድርሳናት ገና ተራቸውን ይጠብቁ ነበር።

ተራውን ያቃረበው ፊልም ሳይሆን መጽሔት ነው። በ1967 አናንት ፓይ የሚባል አዘጋጅ በዴልሂ ከተማ የቴሌቪዥን ጥያቄና መልስ ውድድር ሲመለከት፣ ልጆቹ ስለ ግሪክ አማልክት የተጠየቁትን ሁሉ ሲመልሱ የራማ እናት ማን ናት ቢባሉ ግን ዝም አሉ። በነገሩ እጅግ ያዘነው አናንት ፓይ «አማር ቺትራ ካታ» የተባለውን የሥዕል መጽሔት መሠረተ፤ በእርሱም የክሪሽና፣ የራማ፣ የሐኑማንና የአምስቱ ወንድማማቾች ዜና በአራት ማዕዘን ምስሎች ተከፋፍሎ በልጆች እጅ ገባ። አንድ ትውልድ አማልክቱን በምን መልክ፣ በምን ልብስ፣ በምን ቀለም እንደሚያስብ የወሰነው ይህ መጽሔት ነውና፣ በኋላ ለመጡት የካርቱን ሠሪዎች መንገዱን ጠርጎ ያስቀመጠ እርሱ ነበር። ከጥር 1987 እስከ ሐምሌ 1988 ደግሞ የራማናንድ ሳጋር «ራማያን» በየእሑዱ ጧት በመንግሥት ቴሌቪዥን ሲተላለፍ መንገዶች ጭር ይሉ፣ በየቤቱም ቴሌቪዥኑን በአበባ እያስጌጡና ዕጣን እያጤሱ የሚመለከቱ ሰዎች ነበሩ።

በዚሁ ዘመን በእኛ አገር ምን ይደረግ ነበር ያልን እንደ ሆነ፣ ከደብረ ማርቆስ ብዙ በማይርቀው በእንዶዳም ኪዳነ ምሕረት ተወልደው በጎጃም አድባራት ቅኔ የተቀኙት ሐዲስ ዓለማየሁ በ1948 ዓ.ም. «ተረት ተረት የመሠረት» የተባለውን መጽሐፍ አሳትመዋል። በ1957 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሲቋቋም፣ አባባ ተስፋዬ እየተባሉ የሚጠሩት ተስፋዬ ሣህሉ በልጆች ክፍለ ጊዜ ተረት መናገር ጀምረው ከአርባ ዓመት በላይ የአገሪቱን ሕፃናት አስተምረዋል። በየጠቅላይ ግዛቱ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ሒሳብና ሳይንስ ያስተምሩ ከነበሩት መምህራን ብዙዎቹ ህንዳውያን ነበሩ፤ በአዲስ አበባ ሲኒማ ቤቶችም የህንድ ፊልም ተወድዶ ይታይ ነበር። ስለዚህ ሁለቱ አገሮች በአንድ ዘመን ተረታቸውን ከአፍ ወደ መጽሐፍ፣ ከመጽሐፍ ወደ መስኮት ለማሻገር ይደክሙ ነበር ማለት ይቻላል፤ ልዩነቱ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው።

ከ1983 እስከ 1993፦ ጃፓናዊው ሰውና ራማያና

ዩጎ ሳኮ የተባለ ጃፓናዊ የዘጋቢ ፊልም አዘጋጅ በ1983 ወደ ህንድ የመጣው፣ ከራማያና ጋር ግንኙነት አለው ስለ ተባለ የጥንት ቅርስ ቁፋሮ ፊልም ለመሥራት ነበር። በዚያው ዜናው ልቡን ስለ ማረከው፣ ወደ ጃፓንኛ የተመለሱትን የራማያና መጻሕፍት ሰብስቦ አነበበ፤ ካነበበም በኋላ፣ ራማ በህንዶች ዘንድ አምላክ ነውና ሥጋ ለባሽ ተዋናይ ከሚመስለው ይልቅ በሥዕል ቢገለጥ ይሻላል ብሎ ቈረጠ። ይህ አሳብ ካርቱንን ከልጆች መጫወቻነት አውጥቶ፣ ለቅዱስ ነገር የሚገባ የአክብሮት መግለጫ አድርጎ የሚቈጥር ስለ ሆነ፣ በዚህ ታሪክ ውስጥ ከሁሉ የከበረ አሳብ ነው።

ቪሽዋ ሂንዱ ፓሪሻድ የተባለው የሃይማኖት ማኅበር ግን፣ የባዕድ አገር ሰው ታላቁን ዜናችንን እንዴት ካርቱን ያደርገዋል ሲል ተቃወመ፤ ሳኮም ቀርቦ አሳቡን በትዕግሥት አስረድቶ ተቃውሞውን አበረደ። ቅዱሳንን በሁለት ዓይን፣ ኃጥኣንን በአንድ ዓይን የሚሥል የሥዕል ሥርዓት ያለን እኛም፣ የማኅበሩ ሥጋት ከንቱ ነው ብለን ለመፍረድ አንቸኩልም፤ የተቀደሰ ሥዕል ሥርዓቱን የሚያውቅ እጅ ይሻልና። ሳኮም ይህን ተረድቶ ኖሮ ራም ሞሃንን ከኮይቺ ሳሳኪ ጋር የሥራው መሪ አደረገው፤ የህንድ ባለሙያዎችም ዶቲ የሚባለው ልብስ እንዴት እንደሚታጠፍ፣ ልጅ ለታላቁ እንዴት እጅ እንደሚነሣ፣ በረከትስ እንዴት እንደሚቀበል ለጃፓናውያን ሠዓሊዎች አንድ በአንድ አሳዩ። 450 ያህል ሠዓሊዎች የደከሙበት ይህ «ራማያና፦ የልዑል ራማ ዜና» በ1992 ተፈጸመ።

ይሁን እንጂ የፊልሙ መፈጸሚያ ከአንድ አሳዛኝ ጊዜ ጋር ገጠመ። በታኅሣሥ 1992፣ የራማ የትውልድ ስፍራ ነው በሚባለው በአዮድያ የነበረው የባብሪ መስጊድ በመፍረሱ አገሪቱ በሁከት ተናወጠች፤ የራማን ስም የያዘ ነገር ሁሉ የፖለቲካ ሸክም ተጫነበት። ፊልሙ በ1993 በህንድ ዓለም አቀፍ የፊልም በዓል ላይ ቢታይም በየሲኒማ ቤቱ እንደሚገባው ሳይሠራጭ ቀረ። ልጆች ያገኙት ቆይቶ በካርቱን ኔትዎርክ ቴሌቪዥን ነው፤ በዚያም በተደጋጋሚ ስለ ታየ፣ በሲኒማ ቤት የተነፈገውን ተመልካች በየሳሎኑ አገኘ።

ከ2005 እስከ 2013፦ የሐኑማን ልጆች

በዚህ መካከል ቀድሞ ቦምቤይ ትባል በነበረችው በሙምባይ፣ በሃይደራባድና በቼናይ የተቋቋሙ ስቱዲዮዎች ለአሜሪካና ለአውሮፓ ኩባንያዎች የካርቱን ሥራ በኮንትራት እየሠሩ ብዙ ወጣት ባለሙያ አፍርተው ነበር። እጃቸው ሠለጠነ፤ የሚሥሉት ግን የሌላውን አገር ጀግና ነበር። በጥቅምት 2005 በቪ. ጂ. ሳማንት አዘጋጅነት የወጣው «ሐኑማን» ይህን ለወጠው። በጥንቱ ዜና ሕፃኑ ሐኑማን ፀሐይን የበሰለ ፍሬ መስላው ሊበላት ወደ ሰማይ እንደ ዘለለ፣ የአማልክትም ንጉሥ ኢንድራ በመብረቅ መንጋጋውን መትቶ እንደ ጣለው ተጽፏል፤ ከዚህ የበለጠ ለካርቱን የተመቸ ነገር ከየት ይገኛል? ልጆች ወደዱት፣ ወላጆችም አመኑት፣ ነጋዴውም የአገር ዜና ገንዘብ እንደሚያስገኝ አየ።

ወዲያው በ2007 የሐኑማን ተከታይና የዝሆን ራስ ያለውን ሕፃን የሚተርከው «ባል ጋኔሽ» ወጡ። በ2008 በሃይደራባድ ራጂቭ ቺላካ የጀመረው «ቾታ ቢም» ግን ከሁሉ በልጦ ተስፋፋ፤ በማሃባራታ በኃይሉና በሆዳምነቱ የታወቀው ቢም፣ በዚህ ካርቱን ዶላክፑር በምትባል የፈጠራ መንደር የሚኖር፣ ላዱ የሚባል ጣፋጭ በበላ ጊዜ ብርታት የሚያገኝ የዘጠኝ ዓመት ልጅ ሆነ። እዚህ ላይ ድርሳኑ ለስሙና ለባሕርዩ ብቻ መነሻ ሆኖ ዜናው ራሱ እየራቀ እንደ ሄደ ልብ ይሏል።

ከዚያ ድካም መጣ። በ2012 አርናብ ቻውድሪ ያዘጋጀው «አርጁን» በሥዕሉ ውበት ቢመሰገንም ተመልካች አጣ፤ በ2013 አሚታብ ባችቻንን የመሰሉ ታላላቅ ተዋንያን ድምፃቸውን የሰጡበት «ማሃባራት» ደግሞ በምስሉ ድክመት ተነቅፎ ከሰረ። ምክንያቱ ሁለት ነው፤ አንደኛ፣ ከመጀመሪያው ድል በኋላ በጥድፊያና በአነስተኛ ገንዘብ የተሠሩት ካርቱኖች በመብዛታቸው ሕዝቡ የአገሩን አኒሜሽን ለጨቅላ ብቻ የሚሆን ነገር አድርጎ መቍጠር ጀመረ፤ ሁለተኛ፣ የአሜሪካንን ታላላቅ ፊልሞች ያየ ዓይን ከዚያ ያነሰ ሥራ ሲቀርብለት በአገር ፍቅር ብቻ ሊታለል አልቻለም።

በአገራችንም በዚህ ዘመን የሚያስደስት ጅምር ታየ። መምህርት ብሩክታዊት ጥጋቡ ከባለቤቷ ጋር በመኖሪያ ቤቷ ሳሎን የጀመረችው «ፀሐይ መማር ትወዳለች» ቀጭኔዋን አሻንጉሊት ለኢትዮጵያ ልጆች አስተዋወቀ፣ በጃፓን አገርም በዓለም አቀፍ ውድድር ተሸለመ፤ ከእነርሱው ድርጅት በኋላ «ጥበብ ገርልስ» የተባለው አኒሜሽን ወጣ። ሠዓሊው ዕዝራ ውቤ ደግሞ እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር በ2011 በሠራው «ሒሳብ» የተባለ አጭር አኒሜሽን፣ አህያ፣ ውሻና ፍየል በታክሲ ተሳፍረው ሲከፍሉና ሳይከፍሉ የወረዱበትን የከተማ ተረት፣ በአንድ ሸራ ላይ እየሣለ፣ ፎቶ እያነሣ፣ በላዩም መልሶ እየሣለ አሳይቷል። አህያዋ ሒሳቧን ከፍላ ስለ ወረደች መኪና ሲመጣ አትሸሽም፤ ፍየል ሳትከፍል ስላመለጠች ትሮጣለች፤ ውሻው መልሱን ስላልተቀበለ መኪናውን እየጮኸ ያሳድዳል። ይህን ተረት በልጅነቱ ያልሰማ ኢትዮጵያዊ ማን ነው? በሥዕል ሲንቀሳቀስ ያየው ግን ስንቱ ነው?

ከ2021 እስከ 2025፦ መመለስ

በ2021 «ዘ ሌጀንድ ኦቭ ሐኑማን» የተባለው ተከታታይ አኒሜሽን በኢንተርኔት መታየት ሲጀምር፣ ዜናውን በጥልቀትና በሐዘኔታ ስለ ተረከው ልጆችና ወላጆች አብረው ተመለከቱት። በጥር 2025 የዩጎ ሳኮ ራማያና ምስሉ ታድሶ በህንድ ሲኒማ ቤቶች ተከፈተ፤ ሳኮ ግን በ2012 ዐርፎ ስለ ነበር ይህን አላየም።

በዚያው ዓመት ሐምሌ ወር የወጣው የአሽዊን ኩማር «ማሃቫታር ናራሲምሃ» ደግሞ ማንም ያልጠበቀውን አደረገ። ዜናው የሕፃኑ የፕራሕላድ ነው፤ አባቱ ንጉሡ በሰውም በአውሬም፣ በቀንም በሌሊትም፣ በቤት ውስጥም በውጭም እንዳይሞት ቃል የተሰጠው ስለ ሆነ እንደ አምላክ ሊመለክ ይሻል፤ ልጁ ግን ለአባቱ አልሰግድም ብሎ ወደ እሳት ሲጣል ሳይቃጠል ይወጣል። በመጨረሻም ግማሹ ሰው ግማሹ አንበሳ የሆነ አምላክ ፀሐይ ስትጠልቅ በደጁ መድረክ ላይ ንጉሡን ይገድለዋል። በነገረ ሠለስቱ ደቂቅ ላደገ፣ የቅኔንም ምሥጢር ለሚያውቅ የጎጃም ሰው የዚህ ዜና ጣዕም አይሰወርም። ፊልሙ ከ3 ቢሊዮን ሩፒ በላይ አስገብቶ፣ በህንድ አገር ከተሠሩት አኒሜሽኖች ሁሉ ከፍተኛውን ገቢ አገኘ። ከዐሥራ ሁለት ዓመት በፊት ከአገሩ አኒሜሽን ፊቱን ያዞረው ሕዝብ፣ የእምነቱን ዜና ሳያቃልል በትጋት የተሠራ ሥራ ሲቀርብለት ልጁን ይዞ ተመለሰ።

ከዚህ ታሪክ የሚገኘው ፍርድ

የመቶ ዓመቱን መንገድ ወደ ኋላ ተመልሰን ብንመረምር፣ መንገዱ የታጠፈው ሁልጊዜ አንድ ሰው የሕዝቡ ልጆች የሌላውን ዜና እያወቁ የራሳቸውን እንዳጡ አይቶ ባዘነ ጊዜ ነው፤ ፋልኬ በሲኒማ ቤት ወንበር፣ አናንት ፓይ በቴሌቪዥን ፊት ይህን ሐዘን ተሰምቷቸዋል። ሐዘኑ ወደ ትጋት ሲለወጥ ሥራው ጸና፤ ዜናውን ለገበያ ጥድፊያ ብቻ የተጠቀሙበት ግን ፈጥነው ተረሱ።

የእኛ ደጋ በተረት፣ በገድልና በቅኔ የህንድን ያህል ባለጸጋ ነው ብንል ማጋነን አይሆንም። በአንድ ሴኮንድ 24 ምስል ያልፋል፤ አንዱ ሥዕል ለሁለት ምስል ቢበቃ እንኳ ዐሥር ደቂቃ ለሚሆን ፊልም 7,200 ሥዕል ያስፈልጋል። ይህ ብዙ ቢመስልም፣ በደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ ኮምፒዩተር የሚማሩ ጥቂት ወጣቶች፣ የቤተ ክርስቲያን ሥዕል የሚያውቅ አንድ ሠዓሊ፣ ተረቱን በጎጃም ለዛ የሚናገሩ አንዲት አሮጊት እናት ተባብረው በአንድ ዓመት የሚፈጽሙት ሥራ ነው። ገድለ ቅዱሳንን ለመሥራት የሚሻ የሊቃውንቱን ምክር አስቀድሞ ይጠይቅ፤ ለጀማሪ ግን አንዲት የአህያና የጅብ ተረት ትበቃዋለች። አንባቢ ሆይ፣ ተረቱን የሚያውቁት ሽማግሌዎች ገና በሕይወት ሳሉ ድምፃቸውን ቅዳ፤ ልጅህ እርሳስ ይዞ ሲሥል ብታገኘውም የሚሥለውን ተረት ንገረው።